የይሁኔ ጡሩምባና የግራዝማች አዱኛ ጠላ

ይሁኔ ያንን ሣጥን በአህያ አስጭኖ ቤቴ ያመጣ ዕለት መጀመሪያ የጠየቅሁት እሳት ይነሣበት እንደሆነ ነው። ቤቴ የሣር ክዳን ነዋ። ድምፅ ማጉያ ነው እንጂ ባሩድ አይደለም ብሎ ሳቀብኝ። እኔም ከምሰሶው ራቅ አድርገው፣ ከጓዳው ራቅ አድርገው፣ ከግድግዳውም ፈንጠር ይበል እያልሁ ሳዞረው ቆይቼ በመጨረሻ መሐል ቤት ላይ ቀረ፤ ሁለት ዓመት ሙሉ ስንሰናከልበት ኖርን።

ይህ የሆነው በ1955 ዓ.ም. ነው። ይሁኔ ንፋስ መውጫ ላይ የሞተር ወፍጮ ነበረው። ቅዳሜ ቅዳሜ ገበያ የወጣው ሰው ሁሉ እህሉን እዚያው አስፈጭቶ ለመመለስ ይሰለፋል፤ ከሞተሩ ጩኸት የተነሣ ግን የማን ተራ እንደ ደረሰ፣ የማን ገብስ እንደ ተፈጨ የሚሰማ ሰው አልነበረም። ሴቶቹ በተራ ይጣላሉ፣ አንዷ የሌላዋን ዱቄት ይዛ ትሄዳለች። ከእስቴ የመጣች አንዲት ሴት ለተዝካር ያስፈጨችው ስንዴ ቤቷ ስትደርስ ባቄላ ሆኖ አገኘችውና በማግስቱ አምስት ወንድሞቿን አስከትላ መጣች። ይሁኔ በዚህ ተማርሮ ነው ከአሥመራ ጨርቅ ይዞ ከመጣ ነጋዴ ያንን ማጉያ ከነማይክሮፎኑና ከነሦስት ጡሩምባው የገዛው። እንግዲህ የእኛ ሬዲዮ መጀመሪያ ያሰማው ቃል የመንግሥት ዐዋጅ አይደለም፤ «የወይዘሮ እንትና ገብስ ተፈጭቷልና ይውሰዱልን» የሚል ነው።

የእኔን ቤት የመረጠው ከኮረብታው ጫፍ ላይ ስለሆነ ነው። ከደጄ ሆኖ ገበያው፣ ወፍጮ ቤቱ፣ ከሥሩም ሰፊው የጨዋታ ሜዳ ወለል ብሎ ይታያል፤ የሞተሩም ጩኸት እዚያ ድረስ አይመጣም። ሽቦውን በባሕር ዛፍ ቋሚ ላይ ዘርግቶ አንዱን ጡሩምባ ገበያው መሐል፣ ሁለተኛውን ወፍጮ ቤቱ በራፍ ላይ ሰቀለ። ሦስተኛውን ደጀ ሰላሙ አጠገብ ሊሰቅለው ቢያስብ ካህናቱ እንቢ አሉት። ያን ጊዜ ግራዝማች አዱኛ እኔ አጥር ላይ ይሁን አሉ። ግራዝማች የላይ ሰፈር ባላባት ናቸው፤ በልጅነታችን ከአባቴ ዘንድ አብረን ፊደል ቆጥረናል። ይሁኔ የገዛ ሬዲዮኑን ማይክሮፎኑ ፊት ደቅኖ የአዲስ አበባውን ወሬ ያሰማ ስለነበር፣ ለዚያ ብለው ገበያ ድረስ መውረዱ ደክሟቸው ነበር። ጡሩምባው አጥራቸው ላይ ከተሰቀለ በኋላ ከወንበራቸው ሳይነሡ የዓለሙን ነገር ሁሉ ሰሙ።

መጀመሪያ የሚናገረው ይሁኔ ራሱ ነበር። ማይክሮፎን ይዞ ሳለ ወንዝ ማዶ ያለን ሰው የሚጣራ ይመስል ስለሚጮህ የገበያው አህዮች ይደነብሩ ጀመር። ሦስተኛው ቅዳሜ ላይ አንዲት ዶሮ ነጋዴ ቅርጫቷ ተገልብጦ ዶሮዎቿ በየአጥሩ ሥር ሲበተኑ፣ ሰዎቹ ይሁኔን ከነማይክሮፎኑ ሊገርፉት መጡ። ከዚያ ወዲህ ነው ዓለምጸሐይ ትሞክረው ያለኝ።

ዓለምጸሐይ የልጄ የየሺ ልጅ ናት። የሺ ሁለተኛ ልጇን ልትወልድ ስትል ሞተችብኝ፤ ሕፃኑም አልተረፈም፤ ዓለምዬን የስድስት ዓመት ልጅ ሆና ተረከብኋት። ይሁኔ ይህን ያለኝ ጊዜ ስምንተኛ ክፍል ጨርሳ ቤት ተቀምጣ ነበር። እኔ ዘጠኝ ቀን እንቢ አልሁ። ለምን እንዳልሁ ስጠየቅ ብዙ ምክንያት ነበረኝ፤ ጉሮሮዋ ብርድ ይመታዋል፣ ዓይን ይገባታል፣ ሽቦው ይይዛታል። ዋናው ግን ሌላ ነው። ድምፅ አይታይም፤ ያልታየን ነገር ደግሞ ሰው እንደ ፈለገ አድርጎ ያስበዋል። የሴት ልጅ ድምፅ እንዲያ በየአጥሩ ላይ ተሰቅሎ ሲውል ማን ምን እያለ እንደሚያስበው በምን አውቃለሁ?

አባቷ ፈንታ የሚኖረው ስማዳ ነው፤ ወገዳ ላይ ሌላ ትዳር ይዞ ሌላ ልጆች አሉት። ስጋቴን ጽፌ ላክሁለት፤ እንቢ ብሎ ይገላግለኛል ብዬ ነበር። እሱ ግን ትናገር አለ። ቀጠለናም፣ ስሟ በክስ የተጠራ ዕለት መጥቼ እወስዳታለሁ፣ የሚጠይቃትም ሰው አለ ብሎ ጻፈ። የሚጠይቃት የሚለው ለጋብቻ ነው። ሰውዬው ሚስት የሞተችበት፣ በዕድሜ ከፈንታ ሁለት ዓመት ቢያንስ ነው። ይህን ለዓለምዬ ሳነብላት «እምዬ፣ እንግዲያ ማንንም አላስቀይምማ» አለች፣ ነገሩ እንደዚያ ቀላል ይመስል።

እውነቴን ልናገር፣ ጎበዝ ሆነች። አትጮህም። ከሰዉ አጠገብ ተቀምጣ እንደምታወራ ነው የምትናገረው። የተፈጨውን ትጠራለች፣ የጠፋ በቅሎ ምልክቱን ትናገራለች፣ ጾም የሚገባበትን ቀን፣ የገበያውን ዋጋ፣ ደብዳቤ መጥቶለት ያልወሰደውን ሰው ስም። ሰው ሲሞት ግን እንዳትጠራ መሪጌታ ወልደ ሩፋኤል አስጠንቅቀዋት ነበር፤ መርዶ በወጉ ይረዳል እንጂ ገብስ ሲሸምት ለቆመ ሰው ከእንጨት ላይ አይወርድበትም አሏት። በዚህ ላይ እኔም ተጨንቄ ስለነበር መሪጌታን አመሰገንኋቸው።

ቀስ በቀስ ደግሞ ጨዋታ መንገር ጀመረች። የተማሪ ቤቱ ልጆች ኳስ ሲጫወቱ ከደጄ ካለው የድንጋይ ካብ ላይ ትቆምና፣ ማን ለማን ሰጠ፣ ማን ወደቀ፣ የማን ቁምጣ ተቀደደ፣ ሁሉንም ትናገራለች። ገበያ ላይ ያሉት ኳሷን ሳያዩ ይጮሃሉ። ወፍጮ ቤት ተራ የሚጠብቁት ሴቶች ሲጣሉበት የኖሩትን ተራ ትተው በኳስ ይጣሉ ጀመር። ይሁኔ እንኳ የማጉያው ባትሪ ሲያልቅ፣ ወፍጮው እንዲሞላው ብሎ የሚፈጭ እህል ባይኖርም ሞተሩን ያስነሣ ነበር።

እኔ በየጊዜው ከሣጥኑ አጠገብ እቀመጣለሁ። ሥራዬ ሁለት ነው፤ ሣጥኑ እንዳይግል ማየት፣ ስትጨርስ ደግሞ ፊቱ ላይ ያለችውን ጥቁር ማጥፊያ መጫን። ማይክሮፎኑ ራሱ ማጥፊያ የለውም። ዓለምዬ ከካቡ ላይ ስትሆን ሽቦው በበሩ በኩል ሠላሳ እርምጃ ይወጣል፤ መጥታ ማጥፋት አትችልም። ስለዚህ ሲጀመርም ሲያልቅም እኔ ነኝ።

በ1957 ዓ.ም. የልደት በዓል ሐሙስ ዋለ። ከሰዓት በኋላ እንደ ወጉ ላይ ሰፈርና ታች ሰፈር ገና ሊጫወቱ ነው። የታች ሰፈር አለቃ ክንዴ ነው፤ ግጥም የሚያወጣ፣ አንደበቱ የማይያዝ ጎረምሳ። ከሳምንት በፊት መጥቶ ዘፈኑንም በጡሩምባ እናሰማ ብሎ ዓለምዬን ለምኗት ነበር። የገናን ነገር የማያውቅ ሰው ካለ ልንገረው፤ እሩሯ፣ በዱላ የምትመታው የእንጨት ኳስ፣ የተሸናፊውን ድንበር ካለፈች በኋላ አሸናፊዎቹ እየዘፈኑ ተሸናፊውን ሰፈር ይሰድባሉ፤ ባላባቱም ቢሆን ይሰደባል። ሜዳው ላይ ቆሞ የሰማ ሰው መክሰስ አይችልም፤ መቆጣትም ነውር ነው። ግራዝማች አዱኛም በየዓመቱ ከሜዳው ዳር ቆመው ይሰደቡ ነበር፤ በጣም የሰደባቸውንም ጠርተው ያበሉት ነበር።

ግን ያ ሜዳ ላይ ላለ ሰው ነው። ስለዚህ ዓለምዬ፣ ይሁኔና እኔ ተስማማን፤ ጨዋታው ይነገር፣ ስድቡ አይነገር። ዘፈኑ ሲጀመር እኔ ማጥፊያውን እጫናለሁ። ዓለምዬ ሦስት ጊዜ ደጋግማ ነገረችኝ፤ እኔም ሦስት ጊዜ ተቆጣኋት። ነገር የሚረሳ ሰው የምመስልሽ እኔ ነኝ? አልኋት።

ያን ቀን ንፋሱ ከደጄ ወደ ገበያው ነበርና፣ ካቡ ላይ ለቆመ ሰው የጡሩምባው ድምፅ ተመልሶ አይሰማም። ጨዋታው ገና ሲጀመር ነው ላብ ያጠመቀኝ፤ ዱላ ለዱላ እየተጋጨ ሰው የሚሞት መስሎኝ። ዓለምዬ ግን ሁሉንም አንድ በአንድ ነገረች። ጀምበር ስታዘቀዝቅ ክንዴ እሩሯን ከእግር መሐል አውጥቶ መታትና የላይ ሰፈርን ድንበር አለፈች። ሜዳው ተደበላለቀ። ታች ሰፈሮች እየዘፈኑ ሽቅብ ወደ ካቡ መጡ።

እጄ ማጥፊያው ላይ ነበር። የመጀመሪያውን ግጥም ሰማሁ፤

ላይ ሰፈር ቢሮጥም እግሩ ተሳሰረ፣
ዱላውን ይዞ መጥቶ ልቡን ቤት አኖረ።

ይቺ እንኳ ክፉ አይደለችም ብዬ ትንሽ ዘገየሁ። ወዲያው ክንዴ ሌላ አወጣ፤

የግራዝማች ጠላ ከምንጩ ወረደ፣
ገብስም ሳይነካው ጌሾም ሳያይ ሄደ።

ዓለምዬ ሳቀች። እንዴት አድርጌ ልንገራችሁ፤ ሆዷን ይዛ፣ ትንፋሿ እስኪያጥር ነው የሳቀች። ከዚያም «ክንዴ፣ እስቲ ድገማት፤ ይቺማ ትደገም» አለች። እሱም ደገማት፤ ሰዉም ተቀበለው። እኔም ከሣጥኑ አጠገብ ብቻዬን ተቀምጬ በነጠላዬ አፌን ይዤ ሳቅሁ። ያለፈውን ፋሲካ እዚያ ቤት ነበርሁ፤ ጠላውን አውቀዋለሁ። እጄ ከማጥፊያው ላይ አልተነሣም፤ ማጥፊያውም አልተጫነ። ዘፈኑ አልቆ ዓለምዬ ገብታ ሣጥኑ ሲሠራ የምትበራውን ቀይ መብራት ስታይ ነው ሁለታችንም የደነገጥነው።

ግራዝማች ያን ዓመት ሜዳ አልወጡም ነበር። ልጃቸውን ለእስቴ ሰው ሊድሩ፣ አማቾቹ እዚያው እስቴ ካለችው ከመካነ ኢየሱስ መጥተው ለበዓሉ ቤታቸው ተቀምጠዋል። ከአጥሩ ላይ ያለው ጡሩምባ ግጥሙን ባሰማ ጊዜ የሙሽራው አባት ዋንጫው እጁ ላይ ነበር አሉ። ዋንጫውን ዘንበል አድርጎ አየው አሉ። «ድገማት» የሚለው የሴት ልጅ ድምፅ ሲመጣ ደግሞ ሰውዬው አንገቱን ደፍቶ ትከሻው ይንቀጠቀጥ ጀመር፤ የግራዝማች ሚስት ወይዘሮ ካሣነሽ ማንቆርቆሪያውን አስቀምጠው ወደ ጓዳ ገቡ።

ዓርብ ጧት ይሁኔ ፊቱ አመድ መስሎ መጣ። ግራዝማች ሰኞ ክስ ሊመሠርቱ ነው፤ ይሁኔን ሳይሆን ዓለምጸሐይን፤ ድገማት ያለችው እሷ ናታ። ጡሩምባውም እንዲታሸግ ይጠይቃሉ። ይሁኔ ዓለምዬን ለምን ማጥፊያውን አላስጫንሽም ብሎ ጠየቃት። እሷም ማጥፊያው ተበላሽቶ ይሆናል አለች። ወደ እኔ ዘወር ብላ እንኳ አላየችም፤ ሣጥኑ ተበላሽቶ ነው ብላ ከልቧ አምናለች። ይሁኔ ሣጥኑን ከፍቶ ሽቦውን ሲነካካ ዋለ፤ ምንም ያገኘበት ነገር የለም።

እኔ ዝም አልሁ።

ዝም ያልሁት አፍሬ ብቻ አይደለም። ልቤ ውስጥ አንድ ነገር፣ ተይው፣ ሣጥኑ ይወሰድ፣ ልጅቷም ከሰው አፍ ትውጣ፣ ቤቷ ትቀመጥ ይለኝ ነበር። ሁለት ዓመት ሙሉ የፈራሁት ነገር መጥቶ አላለፈም? ሣጥኑ ከመሐል ቤት ይነሣልኛል፣ እሷም በጊዜ እንጀራዋን በልታ ትተኛለች። የፈንታ ዛቻ ያን ሰዓት ትዝ አላለኝም። ሰው ለሚወደው ሰው ሲሰጋ አንዳንድ ጊዜ እንዲህ ያለ ክፉ ሐሳብ ያስባል።

ዓለምዬ ግን ዓርብን ሙሉ እህል አልቀመሰችም። ቅዳሜ ገበያ ሲቆም ሰዎች ደጃችን ድረስ እየመጡ ዛሬ ለምን አትናገሪም ይሏታል፤ እሷም ጉሮሮዋን አሟት ነው ትላለች። ከገበያተኛው መሐል ከወገዳ የመጣ አንድ ሰው ወሬውን ሰምቶ ኖሮ፣ አገሬ እንደ ገባሁ ለፈንታ እነግረዋለሁ አለ። ሰውዬው እንደ ሄደ ዓለምዬ የእናቷን ሣጥን ከፍታ ልብሷን ማጣጠፍ ጀመረች። አላለቀሰችም። ሦስት ቀሚስ ናት ያላት፤ ሦስቱን አጣጥፋ ትጨርስና ዘርግታ እንደ ገና ታጣጥፋለች።

ነጠላዬን አጣፍቼ ወጣሁ።

ሽማግሌዎቹ ከገበያ መልስ ቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ውጭ ካለው የወይራ ዛፍ ሥር ተቀምጠው ነበር፤ ነገሩ ዳኛ ፊት ሳይደርስ እንዲያልቅ መሪጌታ ወልደ ሩፋኤል የሰበሰቧቸው ናቸው። ግራዝማች በአንድ ወገን፣ ይሁኔና ክንዴ በሌላ ወገን ቆመዋል። ስደርስ ክንዴ እየተከራከረ ነው። ሜዳ ማለት ድምፁ የደረሰበት ሁሉ ነው ይላል። ግራዝማችም፣ እንዲያ ከሆነ ነገ ሽቦ ተዘርግቶ ደብረ ታቦር ድረስ ሜዳ ልትሉት ነው? እኔ ቤቴ ከእንግዳዬ ጋር ተቀምጫለሁ እንጂ ዱላ አልያዝሁም አሉ። መሪጌታ አንገታቸውን ነቀነቁ። ነገሩ ወደ ግራዝማች እያዘነበለ እንደሆነ ገባኝ። የልጅቷ ስም ሲጠራ ሰማሁ፤ ድገማት ማለቷን አንዱ ሽማግሌ እየመሰከረ ነው።

ሴት እዚያ ቦታ ካልተጠራች አትናገርም። እኔም ተጠርቼ አላውቅም። መሐላቸው ገባሁና ልጅቷ ጥፋት የለባትም አልሁ። ጠፍቷል ብላ ነው የሳቀችው፣ ጠፍቷል ብላ ነው ድገማት ያለችው። ማጥፊያው የእኔ ነበር።

መሪጌታ ረሱት ወይ ብለው ጠየቁኝ። አዎ ብል ያበቃ ነበር። ያረጀች ሴት ብትረሳ ማን ይፈርድባታል?

«አልረሳሁትም» አልሁ። «እጄ ላይ ነበር። ወድጄ ነው የተውሁት።»

ግራዝማች ወደ እኔ ዞሩ። «አሰለፈች፣ አንቺ? የእኔ መሰደብ ምኑ ነው ያስወደደሽ?»

«የሺ ከሞተች ወዲህ ይህች ልጅ እንዲያ ስትስቅ ሰምቼ አላውቅም። ሳቋን በእጄ ላጥፋው ነበር?»

ክንዴ ጉሮሮውን ጠረገና ጠላውስ ብሎ ሊጀምር ሲል መሪጌታ የጠላው ነገር እዚህ አይነሣም ብለው በጭራቸው አመለከቱት።

ግራዝማች ቆይተው ሲናገሩ ድምፃቸው ለስልሶ ነበር፤ ልባቸው ግን አልለሰለሰም። እንግዲያ ጥፋቱ ያንቺ ከሆነ በወጉ ድንጋይ ተሸክመሽ ትምጪ፣ ሰው ሁሉ እያየ ይቅር በሉኝ ትበይ አሉ። ነገር ግን እኔ የተሰደብሁት በጡሩምባ ነው፤ የሰማው ሰው ሁሉ ሜዳ ላይ አይደለም፤ ስለዚህ ይቅርታውም በጡሩምባ ይሁን። እንግዶቼ ነገ ቅዳሴ ሲወጣ አሉ፤ በሰሙበት ጆሮ ይስሙት።

እዚህ ላይ ሽማግሌዎቹ ተቸገሩ። ድንጋይ ተሸክሞ መምጣት የሚታይ ነገር ነው፤ አንገት ላይ ያለ ድንጋይ በጡሩምባ እንዴት ይሰማል? አንዱ ድንጋዩን መሬት ላይ ትጣለውና ድምፁ ይሰማ አለ። ሌላው ድንጋይ መጣል ይቅርታ አይደለም፣ ጠብ ነው አለ። ብዙ ተባለ። በመጨረሻ መሪጌታ፣ ልጅቷ እሩሯን ላላየ ሰው ታሳየው የለም ወይ፣ ይኸንንም እሷው ትንገረው አሉ።

ቤት ገብቼ ለዓለምዬ ሁሉንም ነገርኋት። ማጥፊያውንም፣ ያሰብሁትንም ክፉ ሐሳብ።  ቀሚሶቹን አንድ በአንድ ወደ እናቷ ሣጥን መለሰችና «ድንጋዩ ትልቅ ከሆነ አልናገርም» አለች።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ይሁኔ ሽቦውን እስከሚችለው ድረስ ቀጠለው፤ ከደጄ እስከ ግራዝማች በር ድረስ ደረሰ። ወጣሁ። ንፋሱ ነጠላዬን ይገልበኛል። ዓለምዬ ማይክሮፎኑን ይዛ ከጎኔ ናት።  አንድ ጊዜ አሳለች፤ ሦስቱም ጡሩምባ አሳለ።

«አሰለፈች ከቤታቸው ወጥተዋል» አለች። «ክንዴ ድንጋይ እየመረጠ ነው። ያነሣው ድንጋይ የወፍጮ መጅ ያህላል። መሪጌታ አስጣሉት። ሌላ አነሣ። ይኸም ከበድ ይላል። መሪጌታ ራሳቸው ጎንበስ ብለው አንድ ድንጋይ አነሡ፤ ዳቦ ያህላል፤ አሰለፈች አንገት ላይ አስቀመጡት። አሰለፈች መራመድ ጀመሩ።»

ገበያው ባዶ ሜዳ ነበር፤ እሑድ ነዋ፤ ነገር ግን ሰው በየበሩ ወጥቶ ቆሟል። ወደ ጎን ማየት አልቻልሁም፤ ድንጋዩን በሁለት እጄ ይዤ አንገቴን ደፍቻለሁ። የማየው እግሬን ብቻ ነው፤ የቀረውን እኔም እንደ ሰዉ ከጡሩምባው ነው የሰማሁት። የወይዘሮ ብርቱካን አጥር ጋ ደርሰዋል ይላል ጡሩምባው። ጭቃውን ዘለሉት ይላል። አረፍ አሉ፣ ተነሡ፣ ጥቂት ቀራቸው። አንድ ቦታ ላይ ሰው ሲያጨበጭብ ሰማሁ፤ ይቅርታ ልጠይቅ እየሄድሁ መሆኔን ረስተው። መሪጌታ ኧረ ጎበዝ እያሉ ሲቆጡ በጡሩምባ ተሰማ።

ግራዝማች በራቸው ላይ ቆመዋል። አማቾቹ ከኋላቸው ናቸው። ተንበርክኬ ስለ ጌታ ልደት ይቅር በሉኝ አልሁ። ወጉ፣ የተበደለው ሰው ድንጋዩን በእጁ ከአንገት ላይ ያነሣል፤ ያን ጊዜ ነገሩ አለቀ። ካላነሣው አላለቀም።

ዓለምዬ ድምጿን ዝቅ አደረገች። «ግራዝማች እያዩአቸው ነው» አለች። «አልተናገሩም። ወደ እንግዶቻቸው አዩ። እጃቸውን ዘረጉ። መለሱት። ኩታቸውን አስተካከሉ። አሰለፈች ድንጋዩን እንደ ያዙ ናቸው፤ ጉልበታቸው ጠጠር ላይ ነው። ሁልጊዜ ያማቸዋል፣ ግራው ነው የሚብሰው። ግራዝማች...»

ከዚያ በኋላ ድምጿ ተቋረጠ። ጡሩምባዎቹ ዝም አሉ። ግራዝማች ቀና ብለው አጥራቸው ላይ ያለውን ጡሩምባ አዩት አሉ፤ ቀጥሎ የሚለውን ይጠብቁ ይመስል። ከተማው ሁሉ እሳቸው ምን እንዳደረጉ ሊሰማ ጆሮውን ሰጥቶ ቆሟል፤ እሳቸውም አወቁት። ጎንበስ ብለው ድንጋዩን ከአንገቴ ላይ አነሡት።

«አነሡት» አለች ዓለምዬ። ከዚያ አለቀሰች፤ እሱም በጡሩምባ ወጣ።

ግራዝማች ድንጋዩን ለክንዴ አስይዘው ማይክሮፎኑን ከእጇ ወሰዱ። ይቅር ብያለሁ፣ ልጅቷንም አልከስም፣ ከሳሽም ተከሳሽም የለም፣ ይኸን ወገዳም ያለ ሰው ይስማ አሉ። የፈንታን ነገር መሪጌታ ነግረዋቸው ኖሯል። እዚህ ላይ ቢያበቁ ጥሩ ነበር። ነገር ግን የሌላ ሰው ድምፅ ሲሰሙ ኖረው የገዛ ድምፃቸውን ከአጥራቸው ላይ ሲሰሙት ጊዜ ደስ አላቸው መሰለኝ፣ ማይክሮፎኑን አልመለሱም። ያ ጠላ ያን ዕለት ለምን እንደ ቀጠነ ማስረዳት ጀመሩ። የዘንድሮ ገብስ ውርጭ መትቶታል፣ የጋኑ አፍ ተሰንጥቋል፣ ጌሾው ከቆላ ዘግይቶ ደርሷል። አማቾቹ ጨዋ ናቸው፤ አንገታቸውን እየነቀነቁ ይሰማሉ።

ይኼኔ ወይዘሮ ካሣነሽ ከውስጥ ወጡ። ስድቡ ለግራዝማች ይምሰል እንጂ ጠላውን የጠመቁት እሳቸው ናቸውና፣ ሦስት ቀን ሙሉ የተቃጠሉትስ እሳቸው ነበሩ። የጠየቃቸውም የለም። ባላቸው እጅ ላይ ወዳለው ማይክሮፎን ጠጋ አሉ።

«ገብሱን ሰፍረው የሚሰጡኝ እርሳቸው ናቸው» አሉ። «አንድ እንስራ ውኃ ጨምሪበት የሚሉኝም እርሳቸው ናቸው። የእኔ ጠላ እንዴት እንደሆነ ለማወቅ የፈለገ፣ ጎተራውን ለእኔ ይተዉልኝና ያን ጊዜ ይየው።»

የሙሽራው አባት ሳቁን መያዝ አቃተው፤ ቁጭ ብሎ ሳቀ። ግራዝማች ወደ ሚስታቸው አዩ፣ ወደ ጡሩምባው አዩ፤ ከዚያም እሳቸው ራሳቸው ሳቁ። ሠርጉም ለግንቦት ተቆረጠ፤ ጎተራው ለወይዘሮ ካሣነሽ እንዲለቀቅ አማቾቹ እዚያው በጡሩምባ ለመኑ።

ከዚያ ቀን ወዲህ ሕግ ወጣ። የገና ስድብ በጡሩምባ ይሰማ፣ ነገር ግን የተሰደበው ሰው በማግስቱ መጥቶ መልስ ይስጥ። መጀመሪያ መልስ ሊሰጥ የመጣው ላይ ሰፈር ነው፤ ክንዴን በግጥም እንደ ገብስ ወቅተው ላኩት። ቀጥሎ በገና ያልተሰደቡትም መምጣት ጀመሩ፤ በድንበር የተነካካው፣ በገበያ የታማው፣ የጎረቤቱ በሬ እርሻው የገባበት። እሑድ ከሰዓት ደጄ ሰው በሰው ሆነ። ዓለምዬ ሁሉንም በተራ ታናግራለች፤ አንዱ ሲጮህ ረጋ በል ትለዋለች፤ ረጋ ይላል። አባቷ አንድ ቀን ከወገዳ መጥቶ ሰማትና ምንም ሳይል ውሎ ሄደ።

እኔ ዛሬም ይጨንቀኛል፤ አይቀርልኝም። ዛሬ እሑድ ካቡ ላይ ማይክሮፎኑን የያዙት ግራዝማች ናቸው። ስለ ውርጭ ሊናገሩ መጥተው ጀምበር ሳትጠልቅ አይወርዱም። ሽማግሌ ሰው ናቸው፤ ካቡ ላይ ንፋሱ ይመታቸዋል፤ ደግሞ ቆባቸውን አውልቀዋል። ዓለምዬን ጠርቼ ቢያንስ ይኸን ጋቢ አልብሻቸው፣ የተልባውንም ውኃ ሞቅ አድርገሽ ስጫቸው አልኋት። እሳቸው ማይክሮፎኑን ሳይለቁ በአንድ እጃቸው ተቀበሏት፣ ጋቢው የእኔ መሆኑንም ለከተማው ሁሉ ተናገሩ።